ዓሣ ጎርጓሪ

አባቶቻችን «ዓሣ ጎርጓሪ ዘንዶ ያወጣል» እያሉ ያስጠነቅቁን ነበር። በ2002 እ.ኤ.አ. በጃፓን አገር በወጣው፣ ልዩ ልዩ ፍጡራንን እያጠመዱ በሚያሳድጉበት የፖኬሞን ጨዋታ ግን ዘንዶ ማውጣት የተጫዋቹ ምኞት ነው። ፊባስ የተባለው መልከ ጥፉ ዓሣ በአንድ ረጅም ወንዝ ውስጥ በ6 ስፍራ ብቻ ይገኛል፤ ያጠመደውም ሰው እየመገበ ውበቱን ካሳደገለት፣ ሚሎቲክ ወደተባለ ያማረ ዘንዶ መሳይ ፍጡር ይለወጣል።

ውድ አንባቢ ሆይ! ይህ ጊዜ ማባከኛ ነው ብለው የሚነቅፉ ወላጆች አሉ። እኔ ግን አንድ ቁም ነገር አገኝበታለሁ፤ ይኸውም ብርቅ ነገር የሚያምረው ሲጠብቁትና ሲታገሡት መሆኑን ነው።

ብርቅ ዓሣ በእኛም አገር አለ። በጣና ሐይቅ፣ ላቤኦባርበስ ከተባለው ወገን፣ ከ10 የሚበልጡ ዓይነቶች ይኖራሉ፤ አብዛኞቹም በሌላ ስፍራ አይገኙም። ከእነርሱም ብዙዎቹ በክረምት ማብቂያ እንቁላላቸውን ለመጣል ወደ ጉማራ፣ ወደ ርብና ወደ እኛው መገጭ ይወጣሉ። በዚያን ጊዜ በወንዙ አፍ መረብ መዘርጋት ወይም ውሃውን በብርብራ ፍሬ መመረዝ እናትን ከነልጆቿ መፍጀት ነው።

እንግዲህ ፊባስን ለማሳደግ የምንታገሥ የፀዳ ልጆች፣ የመገጭን ዓሣ እስኪራባ ድረስ ልንታገሠው አይገባንምን?