ዘበኛው ሥራ ሲያቆም፦ የፖሊስ ጥበቃ ትእዛዝና የኤጀንሲ ሠራተኛ

እንደ ሌሎች የአገሪቱ ከተሞች ሁሉ ከሆጤ እስከ ኮምቦልቻ ባሉ ተቋማት በር ላይ የሚቆመው ጥበቃና ወለሉን የሚወለውለው ሠራተኛ ብዙ ጊዜ የኤጀንሲ ቅጥር ነው። ደመወዙን የሚከፍለው ኤጀንሲው ሲሆን የሚታዘዘው ግን ለተቋሙ ነው። ይህ ሠራተኛ ደመወዜ ዘገየ፣ ውሌ ያለ ማስጠንቀቂያ ተቋረጠ ብሎ ከባልደረቦቹ ጋር በዚያው በር ላይ ቢሰለፍ፣ ተቋሙ ፍርድ ቤት ቀርቦ የፖሊስ ጥበቃ ይታዘዝልኝ ይል ይሆናል። ትናንት በሩን ይጠብቅ ከነበረው ሰው ዛሬ በሩ ይጠበቅ ማለቱ ነው።

ሥራ የማቆም መብት በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 42 ታውቋል። አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ደግሞ መብቱ የሚሠራበትን ሥርዓት ዘርግቷል፦ የ10 ቀን ማስጠንቀቂያ ይሰጣል፤ አስቀድሞ በስምምነት ለመጨረስ ይሞከራል፤ ከማኅበሩ አባላት ቢያንስ ሁለት ሦስተኛው በተገኙበት ስብሰባ በአብላጫ ድምፅ ይወሰናል። ኃይልና ዛቻ የታከለበት ሥራ ማቆም ክልክል ነው፤ ተፈጽሟል የሚል አሠሪም አቤቱታውን ለአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ ወሳኝ ቦርድ ያቀርባል። አሠሪ ለሆነ ወገን በሩ ክፍት ነው ማለት ነው።

ችግሩ የሚጀምረው ተቋሙ «ሠራተኞቼ አይደሉም» ሲል ነው። በዚህ አንድ ቃል ክርክሩ ከሥራ ሕግ ወጥቶ ወደ ይዞታ ሕግ ይሻገራል፤ የደመወዝ ጥያቄው «ሁከት ይወገድልኝ» የሚል ክስ ይሆናል። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1149 ተከሳሹ ለድርጊቱ መሠረት የሚሆን መብት እንዳለው ወዲያውኑና በማያጠራጥር ሁኔታ ካላስረዳ በቀር ሁከቱ እንዲቆም ያዝዛል። የኤጀንሲ ሠራተኛ ይህን እንዴት ያስረዳ? ውሉ ከሌላ ድርጅት ጋር ነው፤ በግቢው ውስጥ የመገኘት መብቱም በተቋሙ ፈቃድ ላይ የቆመ ነው። ባልደረቦቹ በየተቋሙ ተበታትነው ስለሚሠሩ ማኅበር መሥርቶ አዋጁ የጠየቀውን የድምፅ ብዛት ማሟላትም ይከብደዋል። ሥርዓቱን አልተከተለም ተብሎ የሚወቀሰው፣ ሥርዓቱ ሲጻፍ ያልታሰበው ሰው ነው።

የተቋማቱን ሥጋት ግን ማናናቅ ተገቢ አይሆንም፤ በዚህ አካባቢ ደግሞ በተለይ። በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ በ2014ቱ ጦርነት ከተማዋ ከጥቅምት ማብቂያ እስከ ኅዳር ማብቂያ በቆየችበት ሁኔታ ዘረፋና ጉዳት ደርሶበታል። ያንን ያየ ሥራ አስኪያጅ በር ላይ የተሰበሰበ ሰው ሲመለከት ቢደነግጥ አይፈረድበትም። ይሁንና ዘረፋን የተሸከመ ትዝታ ደመወዝ ለሚጠይቅ የጽዳት ሠራተኛ መለኪያ ሊሆን አይችልም። ንብረት ሲሰበር፣ ሰው ሲደበደብ ፖሊስ የፍርድ ቤት ትእዛዝ ሳይጠብቅ የመከላከል ግዴታ አለበት። እንግዲህ ትእዛዙ በዚህ ግዴታ ላይ የሚጨምረው ምንድን ነው?

አሜሪካ ይህን ጥያቄ በሕግ መልሳዋለች። ፍርድ ቤቶቿ ለአሥርታት የሥራ ማቆም እገዳን በቀላሉ ሲሰጡ ከቆዩ በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1932 የወጣው የኖሪስ ላጋርዲያ ሕግ የፌዴራል ዳኞችን ሥልጣን ገደበ። እገዳ ለመስጠት ምስክር በግልጽ ችሎት መሰማት አለበት፤ ንብረቱን የመጠበቅ ኃላፊነት ያለባቸው ሹማምንት በቂ ጥበቃ ለመስጠት እንዳልቻሉ ወይም እንዳልፈለጉም መረጋገጥ አለበት። ሌላው ወገን ሳይሰማ የሚሰጥ ጊዜያዊ እገዳ ከ5 ቀን በላይ አይጸናም። አመልካቹ መጀመሪያ ፖሊስ ጣቢያ ሄዶ ነበር ወይ ብሎ መጠየቅ ነው ቁም ነገሩ።

ይህን መጠየቅ ለደሴና ለኮምቦልቻ ችሎቶችም አዲስ አዋጅ አያስፈልገውም። ዳኛው ጥበቃ ካዘዘ፣ ትእዛዙ መግቢያና መውጫን ክፍት ለማድረግ እንጂ ተሰላፊውን ከአካባቢው ለማጥፋት እንዳልሆነ በግልጽ ይጻፍ፤ የሚያበቃበት ቀን ይቈረጥለት። ከሁሉ በላይ ኤጀንሲው ወደ ክርክሩ ይግባ። ተቋሙ ለአገልግሎቱ ከፍሎ፣ ገንዘቡ ኤጀንሲው ዘንድ ቀርቶ፣ ሠራተኛው ፖሊስ ፊት ሲቆም፣ ችሎቱ ያልጠራው ብቸኛ ወገን ክፍያውን የያዘው ሊሆን ይችላል።