«የለኝም በይ» የሚለው ምክር

ከፎገራዋ ወረታ ተነሥተው አሜሪካ ያለ ልጃቸውን ሊጠይቁ የሚሄዱ እናት ሻንጣ ውስጥ ምን ምን እንደሚገባ አገሬው ያውቀዋል። በርበሬው፣ ሽሮው፣ ድርቆሹ፣ የተነጠረው ቅቤና ቋንጣው ለሳምንታት ሲሰናዳ ይከርማል፤ ለጓሮ የሚሆን የጎመን ዘር በጨርቅ ተቋጥሮ ከጥግ ይወሸቃል። ከሻንጣው ጋር አብሮ የሚጓዝ አንድ ምክርም አለ። ልጅ በስልክ ይነግራል፣ ቀድሞ የሄደ ዘመድ ይደግመዋል፣ አውሮፕላን ውስጥ ከጎን የተቀመጠ ወገን ያጸናዋል፦ «ምግብ ይዘሻል ወይ ካሉሽ የለኝም በይ።» ምክሩ ከፍቅር የመጣ ነው፤ ወላጁን ለመጉዳት ብሎ የሚመክር ልጅ የለም። ሆኖም ከጫፍ እስከ ጫፍ ስሕተት ነው። ተጓዡን ለቅጣት ያጋልጣል፤ አንብበው ያላወቁትን ሐሰት በፊርማቸው እንዲያጸኑ ያደርጋል። ከሁሉ በላይ ደግሞ መጤ በሽታና መጤ አረም ምን እንደሚያደርጉ በገዛ መሬቱ ላይ ካየ ከፎገራ ሰው አፍ ሊወጣ የማይገባው ምክር ነው።

በመጀመሪያ ወረቀቱ ራሱ ምን እንደሚጠይቅ እንመልከት። የአሜሪካ የጉምሩክና የድንበር ጥበቃ መሥሪያ ቤት ቅጽ 6059ቢ አነስተኛ ወረቀት ነው። ስም፣ የትውልድ ቀን፣ አብረው የሚጓዙ ቤተሰቦች ብዛት፣ የሚያርፉበት አድራሻና የፓስፖርት ቁጥር ከተሞሉ በኋላ «አዎ» ወይም «የለም» ተብሎ ምልክት የሚደረግባቸው ጥያቄዎች ይከተላሉ። 11ኛው ጥያቄ በአራት ይከፈላል፦ ፍራፍሬ፣ አትክልት፣ ተክል፣ ዘር፣ ምግብ ወይም ነፍሳት ይዘዋል? ሥጋ፣ እንስሳ ወይም የእንስሳት ውጤት ይዘዋል? የበሽታ ተሕዋስያን ወይም ቀንድ አውጣ ይዘዋል? አፈር ይዘዋል፣ ወይስ እርሻ ወይም ግጦሽ ላይ ነበሩ? 12ኛው ደግሞ ከከብት ጋር ቅርብ ንክኪ እንደነበረ ይጠይቃል። በጉማራና በርብ ወንዞች መካከል ከሚኖር የፎገራ ገበሬ ቤት ለተነሣ ሰው ከቀንድ አውጣው በቀር የሁሉም መልስ «አዎ» ነው። ላም አልቦ፣ ሩዝ ከተወቃበት አውድማ ዳር ተሻግሮ፣ ዋልካው የጫማው ሶል ላይ እንደደረቀ ነው አውሮፕላን የተሳፈረው። ይህ የሚያሳፍር ነገር አይደለም፤ አኗኗሩ ነው። ቅጹም ከእርሻ የመጣ ሰው አይግባ አይልም፤ ከእርሻ የመጣው ጫማ ይታይ፣ አፈር ካለበት ይጽዳ ነው የሚለው። ከፊርማው በላይ ያለው ዓረፍተ ነገር ግን ፈራሚው የጀርባውን ማስጠንቀቂያ እንዳነበበና በእውነት እንደመለሰ የሚያረጋግጥ ነው። ልጅ ወይም ጎረቤት ከላይ እስከ ታች «የለም» ላይ ምልክት አድርጎ «እማማ፣ እዚህ ጋ ይፈርሙ» ሲል፣ ውሸቱ የእሳቸው ሆኖ ይመዘገባል።

«ካሳወቅን ይወስዱብናል» የሚለው ፍርሃት በከፊል ብቻ ነው ልክ የሚሆነው። ሥጋ ይወሰዳል፤ ቋንጣ የአፍተግር በሽታ ካለበት አገር የመጣ ሥጋ ስለሆነ አያልፍም። ለዘር የሚሆን ነገር ከላኪው አገር የዕፅዋት ጤና ምስክር ወረቀት ይፈልጋል፤ ያለዚያ ይቀራል። በርበሬና የደረቀ ቅመም፣ ቡና፣ ለቤት የሚሆን ጥቂት ዱቄትና የተጋገረ ነገር ግን ታይተው በአብዛኛው ያልፋሉ። ብዙው ሰው ሳይለይ የሚፈራው እዚህ ላይ ነው፤ የሚያልፈውን ከማያልፈው ጋር አብሮ ይደብቅና ሁሉንም ጥፋት ያደርገዋል። ሕጉ የሚቀጣው አለማሳወቅን ነው። የያዘውን የተናገረ ሰው የተከለከለ ነገር ቢገኝበት ዕቃው ይወሰድበታል፣ እሱ ያልፋል። ሳይናገር የተገኘበት ሰው ለንግድ ባልሆነ መጠንም ቢሆን ለመጀመሪያ ጊዜ ጥፋት እስከ 1,000 ዶላር ሊቀጣ ይችላል። ካናዳም እስከ 1,300 የካናዳ ዶላር ትቀጣለች። አውስትራሊያ ከገንዘቡ አልፋ ቪዛ እስከ መሰረዝ ትሄዳለች። የአውሮፓ ኅብረት አገሮች ከውጭ የሚመጣ ተጓዥ ሥጋና የወተት ውጤት ይዞ እንዳይገባ ከልክለዋል። በአንድ ኪሎ ቋንጣ ምክንያት የሚከፈለው ገንዘብ ወረታ ላይ ስንት ኩንታል ሩዝ እንደሚሆን የሩዝ ነጋዴ ቢጠየቅ ወዲያው ያሰላዋል። ቅጹ ስለሚጠይቀው ገንዘብም ሰው በተመሳሳይ መንገድ ይሳሳታል። ከ10,000 ዶላር በላይ ይዞ መግባት ክልክል የሚመስላቸው ብዙዎች ናቸው። ክልክል አይደለም፤ ማሳወቅ ብቻ ነው ግዴታው፤ የአንድ ቤተሰብ ገንዘብም በአንድ ላይ ይቆጠራል። ለማምለጥ ብሎ ለባልና ለሚስት፣ ለእኅትና ለወንድም ከፋፍሎ ማሲያዝ ራሱ ወንጀል ነው።

ወደ ዋናው ነገር ልግባ። አንድ አገር የሌላውን ሰው ሻንጣ ለምን እንዲህ ይፈትሻል? ለዚህ መልስ ፍለጋ ከኢትዮጵያ መውጣት አያስፈልግም። በ1880 ዓ.ም. ጣሊያኖች ለጦራቸው በምጽዋ በኩል ካስገቧቸው ከብቶች ጋር ደስታ የተባለው የከብት በሽታ እንደገባ የታሪክ ጸሐፊዎች በብዛት ይስማሙበታል። ወደብ ላይ የመረመረ ሐኪም፣ ያገደ ሹም አልነበረም። ከአገሪቱ ከብት ከአሥር ዘጠኙ ያህል እንዳለቀ ይገመታል፤ በሬ የሌለው ገበሬ ማረስ አቃተው፣ እስከ 1884 ዓ.ም. የቆየው ክፉ ቀን ተከተለ፣ ሕዝቡ በረሀብ ረገፈ። ዓለም ይህን በሽታ ከምድር አጠፋሁት ብሎ ያወጀው በ2003 ዓ.ም. ነው፤ በምጽዋ በኩል ከገባ ከመቶ ዓመት በላይ ቆይቶ። ዛሬም የአንዳሳ የእንስሳት ምርምር ማዕከል ለማቆየት የሚደክምለት የፎገራ ዝርያ ከብት በወተቱ የሚታወቅ፣ ረግረጉን የለመደ ሀብት ነው። ለዚህ ሀብት ስንል በቦሌ በኩል የሚገባው ሥጋ፣ ወተትና እንስሳ እንዲመረመርልን እንፈልጋለን። ሌላው አገር ለላሙ የሚፈራውን ፍርሃት የፎገራ ባለከብት ካልተረዳው ማን ይረዳዋል?

ደግሞ እምቦጭ አለ። ከደቡብ አሜሪካ የአማዞን ተፋሰስ የፈለቀ ተክል ነው፤ በዓለም ዙሪያ የተሰራጨውም ሐምራዊ አበባው ስላማረ ሰዎች ይዘውት እየዞሩ ነው። በኢትዮጵያ ቆቃና አዋሽ ላይ የታየው በ1950ዎቹ መጨረሻ ነበር፤ ጣና ላይ መኖሩ የተረጋገጠው ደግሞ በ2004 ዓ.ም. አካባቢ። ከዚያ ወዲህ የፎገራ፣ የሊቦ ከምከም፣ የጎንደር ዙሪያና የደንቢያ የሐይቅ ዳር ቀበሌዎች ገበሬ ወገቡ ድረስ ውኃ ውስጥ ገብቶ በእጁ ሲነቅል፣ የነቀለው ተመልሶ ሲበቅል፣ ግጦሹ ሲታፈን፣ የዓሣ አጥማጁ ታንኳ መውጫ ሲያጣ ኖሯል። በሰሜን አሜሪካ የሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ተቆጭተው ገንዘብ አዋጥተዋል፣ የማጨጃ ማሽን ገዝተው ልከዋል። የሚያስመሰግን ሥራ ነው። ግን ያንኑ እምቦጭ ለመንቀል ገንዘብ ያዋጣ እጅ ስልክ አንሥቶ እናቱን «ዘሩን ደብቂው» ሲል፣ ሌላው ሰው በሌላ ሐይቅና በሌላ ማሳ ላይ ያንኑ ሥራ እንዲሠራ እየፈረደበት ነው። በ2009 ዓ.ም. በቆሎውን የፈጀው መጤ ተምችም ከአሜሪካ አህጉር ተነሥቶ ነው አፍሪካ የደረሰ። መጤ ተባይ በሁለቱም አቅጣጫ ይጓዛል፤ እኛም ላኪ ልንሆን እንችላለን።

ሩዙን የሚያነሣብኝ ሰው ይኖራል። ፎገራን የለወጠው ሩዝስ ከውጭ የመጣ ዘር አይደለም ወይ? ጥያቄው ተገቢ ነው። በደርግ ዘመን የሰሜን ኮሪያ ባለሙያዎች ከኅብረት ሥራ ማኅበራት ጋር ሆነው ሩዙን አለማመዱ፤ ኤክስ ጅግና የተባለው ዝርያ ሜዳውን ሸፈነ፤ ዛሬ ወረታ ላይ ብሔራዊ የሩዝ ምርምርና ሥልጠና ማዕከል አለ። ይህ ሁሉ ግን በግልጽ ተሠራ። ዘሩ ምን እንደሆነ የሚያውቁ ሰዎች አምጥተውት፣ በሙከራ ማሳ ላይ ታይቶ፣ ከዚያ ነው የተስፋፋው። ዘር ከአገር አገር ይሂድ፤ ይህን የሚቃወም የለም። የምቃወመው ማንም ሳያየው በጨርቅ ተቋጥሮ መሄዱን ነው።

ከሁሉም ይልቅ ጠንካራ ሆኖ የሚቀርበው ክርክር «የእኛ ሥጋ ንጹሕ ነው፣ ስንበላው ኖረን ምንም አልሆንም» የሚለው ነው። እውነት ነው፣ አልሆንም። አፍተግር ሰውን የሚያሳምም በሽታ አይደለም፤ ስለዚህ በላተኛው መመርመሪያ ሊሆን አይችልም። በሽታው የያዘው በሬ አፉ ይቆስላል፣ ሰኮናው ይቆስላል፣ ምራቁ ይዝረበረባል፣ በእርሻ ወቅት ከቀንበር ይወጣል፤ የፎገራ ገበሬ ይህን ከእኔ በላይ ያውቀዋል። ቫይረሱ አጥንትና ዕጢ በቀረበት፣ በሚገባ ባልበሰለ ሥጋ ውስጥ ረጅም ጊዜ ሊቆይ ይችላል። እ.ኤ.አ. በ2001 ብሪታንያ ውስጥ የተነሣው ወረርሽኝ የጀመረው በሕገ ወጥ መንገድ የገባ ሥጋ ያለበት የምግብ ትራፊ ለአሳማ ተሰጥቶ ሳይሆን እንዳልቀረ የአገሪቱ መርማሪዎች ደምድመዋል። ከ6 ሚሊዮን በላይ እንስሳት ታረዱ፤ ገጠሩ ለወራት ተዘጋ፤ ትውልድ ያረባው መንጋ በአንድ ቀን ሲቃጠል የቆሙ ገበሬዎች ነበሩ። ሥጋውን ያስገባው ሰው ክፉ ሐሳብ ነበረው ማለት አይቻልም። ምናልባት እሱም የሚበላው የለመደው ነገር ነበር።

«አፍሪካዊ ስለሆንን ነው የሚፈትሹን» የሚሉም አሉ፤ ይህን በቀላሉ አላልፈውም። መኮንን ሊያመናጭቅ ይችላል፤ በሰው ፊት ሻንጣ ተከፍቶ ልብስ ሲገለባበጥ ለአንድ አዛውንት ከባድ ውርደት ነው። የደንቡ መነሻ ግን አገሩ ያለበት የእንስሳትና የዕፅዋት በሽታ ዝርዝር ነው፤ በሽታው ባለባቸው የእስያና የደቡብ አሜሪካ አገሮች ተጓዦች ላይም ይሠራል። ውርደቱንም የሚያከብደው መደበቁ ነው። «አዎ፣ ምግብ አለኝ» ያሉ እናት ወደ ግብርና ተቆጣጣሪው ይመራሉ፣ ሻንጣው ይከፈታል፣ የማይፈቀደው ይነሣል፣ ይሄዳሉ። «የለኝም» ብለው ያለፉትን ግን ቢግል የተባለው አነፍናፊ ውሻ ሻንጣቸው አጠገብ ቁጭ ሲል ያጋልጣቸዋል፤ ከዚያ በኋላ የሚጠየቀው ስለ ቋንጣው ሳይሆን ለምን እንደዋሹ ነው። የሚመልሱበት ቋንቋ የላቸውም፤ «ልጄ ነው ያለኝ» ቢሉም ፊርማው የእሳቸው ነው። ስማቸው መዝገብ ውስጥ ይገባል፤ በሚቀጥለው ጉዟቸውም ለተጨማሪ ፍተሻ የመጠራታቸው ዕድል ይሰፋል። ወላጅን ከውርደት ማዳን የፈለገ ልጅ ወደ ውርደቱ የላካቸው እሱ ይሆናል።

በብዙ የአሜሪካ አየር ማረፊያዎች ወረቀቱ እየቀረ፣ መኮንኑ በቃል መጠየቅ እንደጀመረ አውቃለሁ። ይህ ችግሩን አያቀለውም። በቃል የተሰጠ መልስም መልስ ነው፤ ቋንቋውን ለማያውቁ ሰው ደግሞ ከወረቀቱ ይከብዳል። ስለዚህ ሥራው ወረታ ላይ፣ ሻንጣው ሲታሰር መጀመር አለበት። ልጅ ያለበት አገር የሚከለክለውን አስቀድሞ አይቶ ቋንጣውንና የጎመን ዘሩን «አታምጡ» ይበል፤ ለዚህ ድፍረት ያጣ ልጅ ነው «የለኝም በይ» የሚለው። የቀረውን በእንግሊዝኛ በአንድ ገጽ ይጻፍ፦ በርበሬ ይህን ያህል፣ ሽሮ ይህን ያህል፣ ድርቆሽ ይህን ያህል፣ እንዲሁም ተጓዡ ከእርሻ አካባቢ እንደመጡና ጫማቸው እንደታጠበ። ወረቀቱ ፓስፖርቱ ውስጥ ይቀመጥ፤ እናት ለመኮንኑ ይስጡት። በባሕር ዳርና በጎንደር የቪዛ ፎርም የሚሞሉ ቢሮዎች ለአንድ ደንበኛ ገጾችን ሲሞሉ ይውላሉ፤ ሲደርሱ ስለሚጠየቁት ግን ብዙ ጊዜ አንድ ቃል አይናገሩም። ክፍያ የሚቀበሉበት አገልግሎት ነውና ይህንንም ይጨምሩ። አውሮፕላን ውስጥ ለማያውቁት አዛውንት ቅጽ የሚሞላ ወገንም ብዕሩን ከማንሣቱ በፊት «እማማ፣ ሻንጣዎ ውስጥ ምን አለ?» ብሎ ይጠይቅ፤ የነገሩትንም እንዳለ ይጻፍ።