የምስክር ትዝታና የመርማሪው ሐቅ

በየማደሪያችን ትራስ ሥር የወንጀል ምርመራ ልብ ወለድ እንደማይጠፋ ሁላችንም እናውቃለን። ማንበቡን አንነቅፍም። የምንቃወመው ከነዚህ መጻሕፍት የሚወረሰውን አንድ ሐሰተኛ እምነት ነው፤ ይኸውም እውነተኛ ምስክር አይረሳም፣ ቃሉም የተለዋወጠ እንደሆነ ሐሰተኛ ነው የሚለው ነው።

አጋታ ክሪስቲ በ1942 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) ባሳተመችው «አምስት ትናንሽ አሳማዎች» ውስጥ፣ መርማሪው ፖሮ ከ16 ዓመት በፊት የተፈጸመ ግድያ ይመረምራል። አምስት ምስክሮች የሚያስታውሱትን ይጽፉለታል፤ እርሱም በጆሮ ከተለቀሙ ጥቂት ቃላት ተነሥቶ ነፍሰ ገዳዩን ያወጣል። ድርሰቱ ድንቅ ነው። ይሁንና ከ16 ዓመት በኋላ ቃል በቃል የሚታወስ ንግግር ከወዴት ይገኛል? በ1974 ኤልዛቤት ሎፍተስና ጆን ፓልመር የመኪና ግጭት ፊልም ለተማሪዎች አሳይተው ፍጥነቱን ሲጠይቁ፣ ለአንዱ ቡድን ለስለስ ያለ፣ ለሌላው ከረር ያለ ግሥ ተጠቀሙ። ከሳምንት በኋላ ከረር ያለውን ከሰሙት ከመቶ 32ቱ፣ ለስለስ ያለውን ከሰሙት ከመቶ 14ቱ፣ በፊልሙ ያልነበረ የተሰበረ መስተዋት አየን አሉ። ሊዋሽ የተነሣ ግን አልነበረም።

ስለዚህ ዊልኪ ኮሊንስን እናስቀድማለን። በ1868 በወጣው «የጨረቃ ድንጋይ» ውስጥ ፍራንክሊን ብሌክ የጠፋውን አልማዝ ከማንም በላይ አጥብቆ ይፈልጋል፤ ከመሳቢያው ያወጣው ግን ራሱ ነው። በስውር በተሰጠው ኦፒየም ደንዝዞ ነበርና ምንም አያስታውስም። ራቸል በዓይኗ አይታዋለች። ዓይኗ አልዋሸም፤ ሌባ ነው ያለው ፍርዷ ግን ስሕተት ነበር። መድኃኒቱን የሰጠው ሐኪም እንኳ በንዳድ ታምሞ ትዝታው ጠፍቷል። ነገሩ የተገለጠው ረዳቱ ኤዝራ ጄኒንግስ የሐኪሙን የቅዠት ቃላት ለቃቅሞ፣ ክፍተታቸውን ሞልቶ፣ ድርጊቱን በምስክሮች ፊት ዳግመኛ በማስፈተኑ ነው።

ከመካከላችን አንዳንዶች ደግሞ የኩሮሳዋን «ራሾሞን» (1950) እየጠቀሱ ሐቅ የሚባል የለም ይሉናል። በዚያ ፊልም ምስክሮቹ ክብራቸውን ለማዳን ዋሹ እንጂ አልረሱም!

ክርክሩ የሥነ ጽሑፍ ብቻ ቢሆን ኖሮ ይህን ያህል ቀለም ባልፈጀን። ጥገኝነት ጠይቆ በመርማሪ ጠረጴዛ ፊት የተቀመጠ ወገናችን ግን፣ የታሰረበትን ቀን በመጀመሪያው ቃለ መጠይቅ አንድ፣ በሁለተኛው ሌላ ስላለ «ቃልህ ይጋጫል» ተብሎ ይመለሳል። ከዘመን አቆጣጠራችን ወደ እነርሱ ሲለወጥ 7 መደመር ሲገባ 8 የደመረ አስተርጓሚ በመዝገቡ ላይ አይታይም፤ የሚታየው ተጠያቂው ብቻ ነው። በጀርባው ያለውን ጠባሳ፣ አብሮት የታሰረውን ሰው፣ የቤተሰቡን ደብዳቤ እንደ ጄኒንግስ አገናዝቦ የሚመረምር እንፈልጋለን። የቃሉ መዝገብ ከመፈረሙ በፊት በአማርኛ እንዲነበብለትና እንዲያርመው እንጠይቃለን፤ ማኅበራችንም ቀኖቹን አብሮት የሚያሰላ ሰው ከዛሬ ጀምሮ ይመድብ።