ለካሜራ የተሠራ ሙሉ ቤት



ባለፈው እሁድ አንድ ደንበኛዬን ክትፎውን ሳይነካ ተክዞ አገኘሁት። «ልጄ ነርሲንጉን ትቼ ለፊልም ቤት ልሥራ አለኝ። ይሄ ደግሞ ሥራ ነው?» አለኝ። ቤቱ ጋብ ብሎ ስለነበር ወንበር ስቤ ስለ ጃክ ፊስክ አጫወትኩት። ለእናንተም ላውጋችሁ።

ፊስክ ሁለተኛ ደረጃ የተማረው ሩቅ አይደለም፤ ዛሬ የኛ ሰው በሞላባት አሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ ነው። የትምህርት ቤት ጓደኛው ዴቪድ ሊንች ነበር። ሁለቱም ሠዓሊ መሆን ነበር ሐሳባቸው። እ.ኤ.አ. በ1965 ሦስት ዓመት እንማራለን ብለው አውሮፓ ሄዱና በ15 ቀን ተመለሱ። (የኛ ልጅ ቢያደርገው ምን እንደምንለው እናንተው ታውቃላችሁ።)

ኋላ ሊንች «ኢሬዘርሄድ»ን ሲሠራ ገንዘብ እያጠረው ዓመታት ፈጀበት። ፊስክና ባለቤቱ፣ ተዋናይቷ ሲሲ ስፔስክ፣ ከኪሳቸው ደገፉት። ፊስክ ራሱም ተወነበት፤ ፊቱ በጠባሳ ተሸፍኖ መስኮት አጠገብ የብረት ዘንግ የሚጎትተው ሰው እሱ ነው። ፊልሙ በ1977 ወጣ። ለልጆች አይሆንም፣ ከወዲሁ ልንገራችሁ።

እንጀራው ግን ፕሮዳክሽን ዲዛይነርነት ነው፤ ፊልሙ የሚቀረጽበትን ቤትና መንደር አስቦ ማሠራት ማለት ነው። እኔን የሚገርመኝ «ዴይስ ኦቭ ሄቨን» ነው፣ የ1978ቱ። ታሪኩ ቴክሳስ ነው፣ የተቀረጸው ግን ካናዳ፣ አልበርታ። ስንዴ ማሳ መሐል የሀብታም ገበሬ ቤት አስፈለገ። ለፊልም ብዙ ጊዜ የሚሠራው ፊት ለፊቱ ብቻ ነው፤ ዞር ብትሉ በአጣና የተደገፈ ጣውላ ነው። ፊስክ ግን ሙሉ ቤት ሠራ፤ ከአራቱም በኩል የሚታይ፣ ውስጡ ክፍል ያለው። ካሜራው ውስጥ ሲገባ በመስኮቱ እውነተኛው ማሳ ይታያል።

ለኦስካር ከአንድም ብዙ ጊዜ ታጭቷል፤ አንዱ በ«ኪለርስ ኦቭ ዘ ፍላወር ሙን» ነው፣ ዕድሜው ሰባን ካለፈ በኋላ። አላሸነፈም። ሚስቱ ግን አንድ አላት።

ደንበኛዬ ዝም ብሎ ሰማኝና «ኢንሹራንስ አለው?» አለ።

አለው። በዚህ ሙያ አናጺውም ቀለም ቀቢውም የሠራተኛ ማኅበር አላቸው፤ በቂ ሰዓት የሠራ አባል የጤና መድን ያገኛል። ሥራው ግን ፊልም ሲኖር ነው፣ ሲጠፋ ቁጭ ነው። ያንንም አልደበቅኩትም።

«እና ምን ልበለው?»

ቅዳሜ ይዘኸው ና አልኩት። ቡና የምናፈላበት ጥግ መደቡ ተሰባብሯል። ልጁ ይሥራው፣ እኔም እከፍለዋለሁ፣ እጁንም እናየዋለን።

ክትፎው ቀዝቅዞ ነበር። ለብ አድርጌ መለስኩለት።