ሆሣዕና ማለት ምን ማለት ነው?

አፋችን ከሕፃንነታችን ጀምሮ የለመዳቸው፣ ልባችን ግን ትርጓሜያቸውን ጠይቆ የማያውቅ ብዙ የቤተ ክርስቲያን ቃላት አሉ። በዚህ ወር ስለዚህ ጉዳይ እንድጽፍ ያነሣሣኝ በቤቴ የደረሰ አንድ ነገር ነው። እኔን የሚያስመሰግን ባይሆንም ሳልሸሽግ እነግራችኋለሁ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት በሆሣዕና ዕለት ከቅዳሴ ተመልሰን በአንድነት ተቀምጠን ነበር። የዘጠኝ ዓመት ልጄ የተሰጣትን ዘንባባ እየሰነጠቀች ቀለበት ትሠራለች። አያትዋ፣ ማለት አማቴ፣ ዘንባባቸውን በግንባራቸው እንዳሰሩ ዝም ብለው ተቀምጠዋል፤ በዚያ ሰሞን የበኵር ልጃቸው በብርቱ ታሞ ተኝቶ ስለ ነበር ልባቸው አዝኖ ነበር። ልጂቱ ቀና ብላ «አባባ፣ ሆሣዕና ማለት ምን ማለት ነው?» አለችኝ። እኔም በልጅነቴ ድቁና የተቀበልሁ፣ ዳዊት የደገምሁ፣ ዛሬም በትምህርት ቤት ቆሜ የማስተምር ሰው ነኝና አላውቅም ማለት አሳፈረኝ። «የደስታ እልልታ ነው፤ ንጉሥ ሲገባ የሚባል ነው» ብዬ መለስሁላት። አማቴም «እኔስ እስከ ዛሬ የዘንባባው ስም ይመስለኝ ነበር» አሉ። እኔም እንደ አዋቂ ፈገግ አልሁ።

በማግሥቱ ለሰሙነ ሕማማት ስግደት በሄድሁ ጊዜ የልጂቱ ጥያቄ አልለቅቅ ስላለኝ አንድ የመጻሕፍት ትርጓሜ መምህር ጠየቅሁ። እርሳቸውም «ልጄ፣ ሥሩ እልልታ አይደለም፤ ልመና ነው» አሉኝ።

ነገሩም እንዲህ ነው። ቃሉ ዕብራይስጥ ነው። «ሆሺዓ» ማለት አድን ማለት ሲሆን፣ «ና» የምትለው ደግሞ እንደ እኛ «እባክህ» ያለች የልመና ቃል ናት። ሁለቱ ሲጋጠሙ «አድን እባክህ» ይሆናሉ። ኢያሱ የሚለው ስም፣ የጌታችንም ስም ኢየሱስ፣ ከዚሁ ከማዳን ሥር የወጡ ናቸው። ልመናው በእኛ ቍጥር በመዝሙረ ዳዊት 117፣ በዕብራይስጡ ቍጥር በ118፣ በ25ኛው ቍጥር ላይ ይገኛል። በመዝሙሩ ግን ቃሉ ወደ ግዕዝ ተተርጕሞ ስለ ገባ፣ ዳዊት የሚደግም ሰው ሆሣዕና መሆኑን አያስተውልም። በወንጌል ማቴዎስ፣ ማርቆስና ዮሐንስ በዕብራይስጥ ድምፁ ተዉት፤ ሉቃስ ግን ስለዚያች ዕለት ሲጽፍ ቃሉን አላነሣውም። እንግዲህ እኔ አንዱን ልመና በመዝሙር በግዕዝ እያልሁ፣ በሆሣዕና ዕለትም በዕብራይስጥ እየጮኽሁ፣ ሁለቱ አንድ መሆናቸውን ሳላውቅ ጐልምሻለሁ። እርግጥ ነው፣ ልመናው በዘመን ብዛት የምስጋናና የደስታም ድምፅ ሆኖአል፤ ስለዚህ መልሴ ፈጽሞ ሐሰት አልነበረም። ነገር ግን ቅጠሉን ይዤ ሥሩን ትቼ ነበር።

አሁን ደግሞ ይህ ቃል በተወለደበት ቤት እንዴት እንደሚኖር እንመልከት። አይሁድ ይህን ቃል ደጋግመው የሚሉት በፋሲካ ሰሞን ሳይሆን በዳስ በዓላቸው ነው፤ ይህም በመስከረም ወይም በጥቅምት ይውላል። በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 23 የተጻፈውን ትእዛዝ በመከተል ዘንባባ፣ አደስ፣ የወንዝ አኻያና የትርንጎ ፍሬ በአንድነት ይይዛሉ። ቤተ መቅደስ በነበረበት ዘመን «አድን እባክህ» እያሉ መሠዊያውን በየቀኑ አንድ ጊዜ፣ በሰባተኛው ቀን ሰባት ጊዜ ይዞሩ እንደ ነበር ሚሽና የተባለው የሕግ መጽሐፋቸው ይናገራል። ቤተ መቅደሱ በ70 ዓመተ ምሕረት፣ በአውሮፓ አቈጣጠር፣ ከፈረሰ በኋላ ዙረቱ ወደ ምኵራብ ገባ፤ የኦሪት ጥቅልል በመካከል ተይዞ ሕዝቡ ዙሪያውን ይዞራል። ሰባተኛውም ቀን «ሆሻዕና ራባ»፣ ማለት ታላቁ ሆሻዕና፣ ይባላል።

እኔን ግን ከሁሉ ይልቅ ያስደነቀኝ ሌላ ነው። ቃሉ ቅርንጫፍ ተይዞ ዘወትር ከመባሉ የተነሣ ቅርንጫፉ ራሱ ሆሻዕና ተባለ። ይህ አጠራር በባቢሎን ታልሙድ ይገኛል፤ ዛሬም አይሁድ በሰባተኛው ቀን መሬት ላይ የሚመቱትን የአኻያ እስር በዚሁ ስም ይጠሩታል። እንግዲህ እኔ ፈገግ ያልሁበት የአማቴ ግምት፣ ሊቃውንት በመጽሐፍ ያኖሩት አጠራር ሆኖ ተገኘ!

ከዚህ የምንማረው፣ አንድ ቃል በሁለት ቤት ሲኖር በሁለቱም ቤት አንድ ዓይነት ሸክም እንደማይሸከም ነው። ሌላ ምሳሌ ልጨምር። እኛ ለድኻ የምንሰጠውን ምጽዋት እንላለን። በዕብራይስጥ ግን «ሚጽዋ» ማለት ትእዛዝ ነው፤ ሰንበትን ማክበርም፣ አባትና እናትን ማክበርም ሚጽዋ ነው፤ የአይሁድ ሊቃውንትም ትእዛዛቱን 613 ብለው ይቈጥራሉ። በኢየሩሳሌም የዕብራይስጥ ዩኒቨርሲቲ መምህር የነበረው ፖሎትስኪ፣ በአውሮፓ አቈጣጠር በ1964 ባወጣው ጽሑፍ፣ እንደ ምጽዋት ያሉ የግዕዝ ቃላት አይሁድ ይናገሩት ከነበረው ከአራማይስጥ የመጡ መሆናቸውን አስረድቶአል። በዚያ አነጋገር ትእዛዝ የሚለው ቃል ለድኻ መስጠትን ያመለክት ነበርና ወደ እኛ የደረሰው ይህን ትርጕም ይዞ ነው። አይሁድ ራሳቸው ለድኻ የሚሰጠውን «ጸደቃ» ይሉታል፤ ይህም ከእኛ ጽድቅ ጋር አንድ ሥር ነው። እነርሱ በጽድቅ ስም ይሰጣሉ፤ እኛ በትእዛዝ ስም እንሰጣለን። ምጽዋት የሚለውን ቃል ሥሩን ያወቀ ሰው፣ ሳንቲም ሲዘረጋ ውለታ የዋለ አይመስለውም፤ የታዘዘውን ፈጸመ እንጂ።

ፋሲካም እንደዚሁ ነው። ለእኛ የጌታ ትንሣኤ ነው፤ ለአይሁድ ከግብፅ የወጡባት ሌሊት መታሰቢያ ናት። ቤተ እስራኤልም ያንኑ የመውጣት በዓል ፋሲካ ብለው ይጠሩታል። ስለዚህ ክርስቲያኑና ቤተ እስራኤሉ «ፋሲካን አከበርሁ» ቢባባሉ፣ አንዱ ሌላውን ሳይጠይቅ ተግባብተናል ማለት አይገባም።

ውድ አንባብያን፤ የማናውቀውን ቃል መጠየቅ የእምነት ማነስ አይደለም። ወንጌላውያኑ ራሳቸው ለአንባቢያቸው አስበው ተርጕመዋል፤ ዮሐንስ በመጀመሪያው ምዕራፍ ረቢን መምህር፣ መሲሕን ክርስቶስ ብሎ ይፈታል፤ ማርቆስም ጎልጎታ የራስ ቅል ስፍራ መሆኑን ይነግረናል። እኛም በየቤታችን ልጅ ሲጠይቅ ከሦስቱ አንዱን እናድርግ፤ የምናውቀውን እንንገር፤ የማናውቀውን መምህር እንጠይቅ፤ ቃሉ የሌላ ሃይማኖት ሰዎች እንደ ሆነም እነርሱን ራሳቸውን እንጠይቅ። ከራስ ፈጥሮ መመለስ ግን ልጁን ማሳሳት፣ ባለቃሉንም መበደል ነው።

በዚያ ሰኞ ማታ ወደ ቤቴ ገብቼ በልጄና በአያትዋ ፊት «ትናንት የነገርኋችሁ ስሕተት ነበር» ብዬ ይህን ሁሉ አስረዳኋቸው። ልጂቱ የአያትዋ ግምት ከአባትዋ መልስ በመብለጡ እጅግ ደስ አላት። አማቴ ግን ጥቂት ዝም ብለው ቈዩና «እንግዲያስ ትናንት ቀኑን ሙሉ፣ ሳላውቀው፣ ስለ ልጄ ስለምን ውያለሁ» አሉ። እኔም በሕማማት እየሰገድን የምንለው ኪርያላይሶን ግሪክ መሆኑን፣ ትርጓሜውም «ጌታ ሆይ፣ ማረን» ማለት መሆኑን ነገርኋቸው፤ በዕብራይስጥ የጀመሩትን ልመና በግሪክ መቀጠላቸው ነውና።

ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ በሆሣዕና ዕለት ከአጠገባቸው ስቆም ድምፃቸውን አዳምጣለሁ። ሕዝቡ ሁሉ ቃሉን በችኰላ ሲያሰማ፣ እርሳቸው ቀስ ብለው፣ አንድ በአንድ ይሉታል።