ብቸናና ሞጣ፣ ከአውራጃነት ወዲህ



ይህን እትም ለሁለት የቀድሞ አውራጃ ከተሞች ሰጥተነዋል። በንጉሠ ነገሥቱ ዘመን ብቸናና ሞጣ በጎጃም ጠቅላይ ግዛት ሥር የየራሳቸው አውራጃ መቀመጫ ነበሩ። ባለ ሙግቱም ግብር ከፋዩም ወደ እነሱ ይመጣል፤ ጠጅ ቤቱ፣ ማደሪያው፣ ማመልከቻ ጸሐፊው የሚያድረው በዚሁ እንግዳ ነበር።

በ1980 ዓ.ም. ጎጃም ምሥራቅና ምዕራብ ተብሎ ተከፈለ። በፌዴራሉ ሥርዓት ደግሞ የጎጃም አካል የነበረው መተከል ወደ ቤኒሻንጉል ጉሙዝ ሄደ፤ የአውራጃ እርከንም ቀረ። ብቸና የእነማይ፣ ሞጣ የሁለት እጁ እነሴ ወረዳ ከተማ ሆኑ። ጉዳይ ያለው ሰው ደብረ ማርቆስና ባሕር ዳር መመላለስ ጀመረ። ከተሞቹ በዚህ ያጡትን ገቢ ማንም በቅጡ የቆጠረው አይመስለኝም፤ ያሳዝነኛልም።

አውራጃ ግን ከቢሮ በላይ ነበር። በ1960 ዓ.ም. አዲሱ የእርሻ ገቢ ግብር ሲታወጅ የሞጣና የብቸና ገበሬ ርስቴ ሊለካ ነው ብሎ ሰግቶ ተነሣ፤ ጠቅላይ ገዥው ደጃዝማች ፀሐዩ እንቁ ሥላሴም ከጎጃም ተነሡ። በ1989 ዓ.ም. የመሬት ድልድል ሲመጣ ያው የርስት ጥያቄ እንደገና ብዙ ቤት አንኳኳ።

ዛሬ፣ በእኔ ግምት፣ ከድንበሩ ይልቅ መንገዱ ይበረታል። ከደጀን በብቸናና በሞጣ አልፎ ባሕር ዳር የሚደርሰው መንገድ የብቸናን ጤፍ ወደ አዲስ አበባ፣ የሞጣን ገበያ ወደ ባሕር ዳር ይስባል። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ጽሑፎች ከዚህ አንጻር አንብቡልን። በአውራጃው ፍርድ ቤት የተሟገታችሁ፣ በአውራጃው ትምህርት ቤት የተማራችሁ ትዝታችሁን ላኩልን፤ በሚቀጥለው እትም ቦታ አዘጋጅተናል።