ማሳሰቢያ፦ የመታጠቢያ ገንዳው ከመገጠሙ በፊት ከጀርባው ያለውን ግድግዳ እዩት

በሚኒሶታ፣ በኮሎራዶና ክረምቱ በሚበረታባቸው ሌሎች የአሜሪካ ግዛቶች ቤት ለምታሠሩ፣ አዲስ ቤት ለምትገዙ ወይም መታጠቢያ ቤታችሁን ለምታሳድሱ ወገኖች ሁሉ፦

የመታጠቢያ ገንዳችሁ ወይም ሻወራችሁ የውጭውን ግድግዳ ተጠግቶ የሚቆም ከሆነ፣ ከጀርባው ያለው ግድግዳ ክፍቱን እንዳይቀር ተጠንቀቁ። ጥፋቱ የሚመጣው ከሥራው ቅደም ተከተል ነው። በእንጨት በሚዋቀሩት የአሜሪካ ቤቶች ብዙ ጊዜ የቧንቧ ሠራተኛው ገንዳውን የሚያስገባው ኢንሱሌሽን (ሙቀት መያዣ) የሚሞሉትና ድራይዎል (የውስጥ ግድግዳ ሰሌዳ) የሚመቱት ሰዎች ከመድረሳቸው በፊት ነው። እነሱ ሲመጡ ገንዳው ቦታውን ይዟል፤ ከኋላው እጅ አይገባም። ከጠርዙ በላይ ያለው ግድግዳ ይሸፈናል፣ ከጠርዙ በታች ያለው ግን ባዶውን ይቀራል፤ ወይም ፋይበርግላስ ተወትፎበት ፊቱ ሳይሸፈን ይታለፋል። ከዚያ በኋላ ማንም አያየውም።

ፋይበርግላስ ሙቀት የሚይዘው በውስጡ ያለው አየር ካልተንቀሳቀሰ ብቻ ነው። ፊቱ ክፍት ሲሆን ቀዝቃዛው አየር ዘልቆት ያልፍና በገንዳው ሥር ይዘዋወራል። ገንዳው ይበርዳል፣ ልጆቻችሁን የምታጥቡበት ውኃ ቶሎ ይቀዘቅዛል፣ የማሞቂያው ሂሳብ ይጨምራል። ይህ ቀላሉ ጉዳት ነው። የቤቱ እርጥብና ሞቃት አየር ከቀዘቀዘው የግድግዳ እንጨት ጋር ሲገናኝ በውስጡ ያለው እርጥበት ወደ ውኃነት ይለወጣል፤ ሻጋታ ያበቅላል፣ ውሎ አድሮም እንጨቱን ያበሰብሳል። ቧንቧም በዚያ ግድግዳ ውስጥ ካለፈ አደጋው ይብሳል። ውኃ ወደ በረዶ ሲለወጥ መጠኑ 9 በመቶ ያህል ይጨምራል፤ በዚህ የሚፈጠረው ግፊት ቧንቧውን ይሰነጥቀዋል። ጎርፉ የሚመጣው ደግሞ በረዶው ሲቀልጥ፣ ምናልባትም ቤት ውስጥ ሰው በሌለበት ሰዓት ነው።

በአሜሪካ በስፋት የሚሠራበት የሕንፃ ኃይል ቁጠባ ደንብ በ2009 እትሙ ይህ ግድግዳ ኢንሱሌሽንና የአየር መከላከያ እንዲኖረው ደንግጓል። ደንብ አለ ብላችሁ ግን አትዘናጉ፤ ተቆጣጣሪው ሲመጣ ገንዳው ቀድሞ ገብቶ ከሆነ እሱም ሊያየው አይችልም።

ትክክለኛው አሠራር ከባድ አይደለም። ኢንሱሌሽኑ ክፍተት ሳይተው ይሞላል። ከዚያ ከወለሉ ጀምሮ ፕላይውድ ወይም የሲሚንቶ ቦርድ ይመታበታል፤ ጠርዙ፣ መጋጠሚያውና ቧንቧ ያለፈበት ቀዳዳ ሁሉ በፎም ወይም በማሸጊያ ይደፈናል። ሴራሚክ የሚለጠፍበት ላይ ወረቀት የለበሰ ተራ ድራይዎል አታስገቡ። ከኋላ ላስቲክ፣ ከፊት ደግሞ ውኃ የማያሳልፍ ሽፋን ደርቦ ማድረግም እርጥበቱን መሀል ላይ ያፍነዋልና ይቅር። የውኃ ቧንቧዎቹን ደግሞ ከተቻለ በውስጠኛው ግድግዳ አስኪዱ።

ገንዳው አስቀድሞ ከተገጠመ፣ በብርድ ቀን የቧንቧ መክፈቻው አካባቢ እጃችሁን አድርጉ፤ ቀዝቃዛ ነፋስ ከተሰማችሁ ምልክቱ ያ ነው። ገንዳው የሚፈስበት ቧንቧ ለማለፍ የተቆረጠው የወለል ቀዳዳ ከምድር ቤት በኩል ሊደፈን ይችላል። የቀረው ሥራ ግን የቤቱ የውጭ ሽፋን ሲቀየር ወይም መታጠቢያ ቤቱ ሲታደስ ይሠራል። ቧንቧ ከቀዘቀዘባችሁ በእሳት ነበልባል ለማቅለጥ በፍጹም አትሞክሩ። የውኃውን ዋና መዝጊያም ቤተሰቡ ሁሉ ይወቀው።

ኮንትራክተራችሁን ዛሬውኑ ጠይቁት። ግድግዳው ተሞልቶና ተሸፍኖ በዓይናችሁ ሳታዩ፣ ፎቶም ሳታነሱ ገንዳው እንዲገባ አትፍቀዱ።